ፈቃድ ከሙምባይ፣ ፖሊስ ከሃይደራባድ

እ.ኤ.አ. በማርች 2006 በደቡብ ህንድ፣ አንድራ ፕራዴሽ ክልል፣ ክሪሽና በሚባል አውራጃ የመንግሥት ሰዎች መጥተው ወደ 50 የሚጠጉ የብድር ቢሮዎችን ዘጉ። ቢሮዎቹ ስፓንዳና እና ሼር የተባሉ የሁለት ማይክሮፋይናንሶች ነበሩ። ወለዱ ከልክ አልፏል፣ ብድር አሰባሰቡም ሰው ያዋርዳል ተባለ። እዚህ ላይ አንድ ችግር ነበር። ሁለቱም የተመዘገቡት ሙምባይ ባለው የህንድ ማዕከላዊ ባንክ ነው። ታዲያ ማዕከላዊ ባንኩ የከፈተውን በር የአውራጃ ሹም መዝጋት ይችላል? ይህ ጥያቄ መልስ እስኪያገኝ 17 ዓመት ፈጀ።

ግራ መጋባቱ የሚጀምረው ከሕገ መንግሥቱ ነው። የ1950ው የህንድ ሕገ መንግሥት ሥልጣንን በዝርዝር ከፋፍሏል። ባንክ የማዕከሉ፣ ፖሊስና የሕዝብ ጸጥታ የክልሎች። ገንዘብ ማበደር የሚለውም ለክልሎች ተሰጥቷል፤ ክልሎችም የመንደሩን አራጣ አበዳሪ በዚሁ ሥልጣን ይቆጣጠሩ ነበር። ማይክሮፋይናንስ ሲመጣ ግን ከላይ ሲያዩት የፋይናንስ ኩባንያ፣ ከታች ሲያዩት ደግሞ ደጃፍ ላይ ቆሞ ብር የሚቀበል ሰው ሆነ። በእኛ ሙያ ብናየው፣ አንድ ሰርቨር ላይ ሁለት አድሚን ተቀምጦ የማንኛው ትእዛዝ እንደሚያሸንፍ ማንም ሳይጽፍ እንደ መተው ነው።

ብድሩ ራሱ እንዴት ይሠራ ነበር? ሴቶች በቡድን ይደራጃሉ፣ በየሳምንቱ ይከፍላሉ፣ አንዷ ለሌላዋ ዋስ ናት። አንዷ ካቃታት ሌሎቹ ይሞሉላታል። ስለዚህ ጫናው የሚመጣው ከሰብሳቢው ብቻ ሳይሆን ከጎረቤትም ነው። አበዳሪዎቹ ሲበዙ ደግሞ አንዷ ሴት ከሦስት ከአራት ቦታ ተበድራ የአንዱን በሌላው መክፈል ጀመረች። በኦገስት 2010 ኤስኬኤስ የተባለው ትልቁ ተቋም አክሲዮኑን ለሕዝብ ሸጦ ወደ 350 ሚሊዮን ዶላር ሰበሰበ። በዚያው ሰሞን ዕዳ ያስጨነቃቸው ሰዎች ራሳቸውን አጠፉ የሚል ዜና በየጋዜጣው መውጣት ያዘ።

ክልሉ ኦክቶበር ላይ አስቸኳይ ድንጋጌ አወጣ። አበዳሪ ሁሉ በየአውራጃው እንደገና ይመዝገብ፣ ሳምንታዊ ክፍያ ቀርቶ ወርሃዊ ይሁን፣ ተበዳሪን ያስገደደ እስከ ሦስት ዓመት ይታሰር አለ። ፖሊስ ብድር ሰብሳቢዎችን ማሰር ጀመረ። ተቋማቱ ፍርድ ቤት ሄዱ፤ ምዝገባውን እስከጠየቁ ድረስ እንዲሠሩ ተፈቀደላቸው። ግን ሰብሳቢ ፈርቶ ከቤቱ ካልወጣ የፍርድ ቤት ወረቀት ምን ያደርጋል? ፖለቲከኞችም አትክፈሉ እያሉ ነበር። ሙሉ ለሙሉ ሊባል የሚችለው አከፋፈል ወደ 10 በመቶ ገደማ ወረደ። ባንኮችም ለማይክሮፋይናንሶቹ ገንዘብ ማቅረብ አቆሙ፣ እሱም በመላ አገሪቱ።

አስቸጋሪው ነገር እዚህ ጋ ነው። ድንጋጌው የወጣው ለድሃዋ ተብሎ ነው፤ ምክንያቱም የውሸት አልነበረም። ይሁን እንጂ ኤሚሊ ብሬዛ እና ሲንቲያ ኪናን የተባሉ የኢኮኖሚክስ ተመራማሪዎች በኋላ እንዳሳዩት፣ ከአንድራ ፕራዴሽ ውጭ ሳይቀር ብድሩ በተቋረጠባቸው አውራጃዎች የቀን ሠራተኛ ደሞዝ ቀንሷል። ብድር ወስዶ የማያውቀውም ሰው ተጎዳ ማለት ነው።

ማዕከላዊ ባንኩ የነቃው ከዚህ በኋላ ነው። የማሌጋም ኮሚቴ በጃንዋሪ 2011 ሪፖርቱን አቀረበ፤ በዓመቱ መጨረሻ ለማይክሮፋይናንስ የተለየ ምድብና ደንብ ወጣ። ለአንዲት ሴት ከሁለት በላይ ተቋም እንዳያበድር፣ ማስገደድ ክልክል እንዲሆን ተደነገገ። የሕጉ ጥያቄ ግን እስከ ሜይ 2022 ቆየ። ያኔ የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በኔዱምፒሊ ፋይናንስ ጉዳይ፣ የኬረላና የጉጃራት የአበዳሪ ሕጎች ማዕከላዊ ባንኩ በመዘገባቸው ኩባንያዎች ላይ እንደማይሠሩ ወሰነ። ባንኩ ከምዝገባ እስከ መፍረስ የሚቆጣጠረውን ክልል ሁለተኛ ፈቃድ ሊጠይቀው አይችልም አለ። በፌብሩዋሪ 2023 የቴላንጋና ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይህንኑ በአንድራው ሕግ ላይ ደገመው።

ይህ ማለት ግን ፖሊስ አበዳሪን አይነካም ማለት አይደለም። ሰብሳቢ ቢማታ ወይም ቢያስፈራራ እንደማንኛውም ሰው በወንጀል ይጠየቃል። ፖሊስ ጥፋተኛውን ይይዛል፣ ቢሮውን ግን አይዘጋም። ለእኔ ፍርዱ ትክክል ነው፤ ሁለት አለቃ ያለበት ቤት ውስጥ መጨረሻ የሚጎዳው ተበዳሪው ነበርና። ቢሆንም ወለዱ ስለበዛባት ወይም ውሏ ስላልገባት ሴት ሳስብ ልቤ ሙሉ ለሙሉ አያርፍም። አሁን ተቆጣጣሪዋ አንድ ብቻ ነው። የአውራጃው ቢሮ በእግሯ የምትደርስበት ነበር፤ ሙምባይ ግን በባቡርም ሩቅ ነው።