አምሃ ሪከርድስ

አምሃ ሪከርድስ በአምሃ እሸቴ የተመሠረተ፣ ከ1969 እስከ 1975 እ.ኤ.አ. በአዲስ አበባ የሠራና የመንግሥትን የሸክላ ብቸኛ መብት ያለፈቃድ የጣሰ የግል ሙዚቃ አሳታሚ ነው።

በ1948 እ.ኤ.አ. የወጣ ንጉሣዊ ድንጋጌ ሸክላ የማስመጣትና የማሳተም መብትን ለሀገር ፍቅር ማኅበር ብቻ ሰጥቶ ነበር። በ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. ከክብር ዘበኛና ከፖሊስ ሠራዊት ኦርኬስትራዎች የወጡ ድምፃውያን አዲስ ስልት ቢያመጡም፣ ሥራቸውን በሸክላ የሚያወጣላቸው አልነበረም። በዚያው ዘመን በብሪታንያ ሬዲዮ ካሮላይን ያለፈቃድ፣ ከመርከብ ላይ የወጣቶችን ሙዚቃ ያሰራጭ ነበር፤ በአዲስ አበባ ተመሳሳዩን ክፍተት የሞላው ሸክላ ነው።

አምሃ ክልከላውን እያወቀ በዓለማየሁ እሸቴ ሥራ ጀመረ። የመጀመሪያዎቹ ሸክላዎች የታተሙት በህንድ፣ የኋለኞቹ በሊባኖስ ነው። አብዛኞቹ በደቂቃ 45 ጊዜ የሚሽከረከሩ፣ በየገጻቸው አንድ ዘፈን የያዙ ትንንሽ ሸክላዎች ነበሩ። ድርጅቱ 103 ነጠላ ሸክላዎችና 12 አልበሞች አውጥቷል፤ ከእነዚህም አንዱ የሙላቱ አስታጥቄ «የካቲት» (1974 እ.ኤ.አ.) ነው።

ክልከላው በተግባር አልጸናም።

የማህሙድ አህመድን «ኧረ መላ መላ» ያሳተመው ካይፋ ሪከርድስ ፈለጉን ተከተለ። አምሃ በ1975 እ.ኤ.አ. ወደ አሜሪካ ተሰደደ፤ በደርግ ዘመን ሸክላን የተካው ካሴት በመርካቶ ሱቆች ገነነ፤ ያለፈቃድ ቅጂም አብሮ ተስፋፋ። ይህን የሚከለክለው የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410 በ1996 ዓ.ም. ወጣ። የአምሃ ሸክላዎች ከ1997 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በፈረንሳይ በታተመው «ኢትዮፒክስ» ተከታታይ ለዓለም አድማጭ ደርሰዋል።