የጓሳ ሣርና የቀሮ ሕግ



አዋሽ ከዚሁ ከጊንጪ አቅራቢያ እንደሚነሣ ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ወደዚያው ወንዝ የሚወርዱ ሌሎች ጅረቶች ደግሞ በሰሜን ሸዋ፣ በመንዝ ከፍታ ካለው የጓሳ ሣር ሥር ይመነጫሉ። የዛሬው ንግግሬ ስለዚያ ሣርና ስለ ጠባቂዎቹ ታሪክ ነው።

ጓሳ ከ3,200 እስከ 3,700 ሜትር ከፍታ ላይ የተዘረጋ፣ 100 ስኩዌር ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት ያለው ውርጫማ ምድር ነው። በዚያ ብርድ ዛፍ እምብዛም አይበቅልም፤ አብዛኛውን መሬት የሸፈነው ለቦታው ስም የሰጠው የጓሳ ሣር ነው። በመካከሉ ጅባራ ይቆማል፤ ቀይ ቀበሮና ጭላዳም ይኖሩበታል። ሣሩ እንደ ቁጥቋጦ ተሰብስቦ ይበቅላል፤ የደረቁት አሮጌ ቅጠሎች በውስጥ ያለውን ለጋ ቡቃያ ከውርጭ ይከልሉታል። በብርድ ምድር እድገቱ አዝጋሚ ስለሆነ፣ ያለ ዕረፍት የሚታጨድ ጓሳ አያገግምም።

የመንዝ ሰው ይህን በሕግ ደነገገው። እንደ አካባቢው ትውፊት በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አስቦና ጌራ የተባሉ አባቶች ቦታውን ለሁለት ተካፈሉ፤ ዘሮቻቸውም «ቀሮ» በተባለው ሥርዓት ያስተዳድሩት ጀመር። ሁለቱም ወገኖች አለቃ ይመርጡ ነበር። ሣሩ ከ3 እስከ 5 ዓመት ተከልክሎ ይቆይና፣ ሲደርስ በበጋ ይከፈታል፤ ክረምት ሲገባ ደግሞ ይዘጋል። ለቤት ክዳን፣ ለገመድና ለገሳ የሚሆነው ሣር የሚታጨደው ያን ጊዜ ነው።

ሥርዓቱን ከነጉድለቱ ማየት ይገባናል። ባለመብቱ የአስቦና የጌራ ዘር ብቻ ነበር፤ ሌላው ጎረቤት ብርዱን ቢጋራም ሣሩን አይጋራም። የ1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ይህን የዘር መብት ሻረ። ይሁን እንጂ የዘር መብቱና የሣሩ የዕረፍት ዘመን በአንድ ሕግ ተሳስረው ስለነበር አብረው ወደቁ። አዲስ ባለመብቶች ሲገቡ የመዝጊያውን ቀን የሚያስከብር አልነበረም፤ ሣሩም ተጎዳ። ቆይቶ ግን ማኅበረሰቡ ከየገበሬ ማኅበሩ ኮሚቴ መርጦ ጥበቃውን መለሰ፤ ጓሳም ዛሬ የማኅበረሰብ ጥበቃ ሥፍራ ነው።

ከዚህ ታሪክ የምንወስደው፣ «የማን ነው?» እና «መቼ ይረፍ?» የተለያዩ ጥያቄዎች መሆናቸውን ነው። ፍትሕ የመጀመሪያውን እንድንመልስ ያስገድደናል፤ ሁለተኛውን የሚወስነው ግን የተክሉ ጠባይ ነው። ደኑን ከመንግሥት ጋር በጋራ ለሚያስተዳድሩት ለጭልሞ ጎረቤቶቻችንም ሁለቱም ጥያቄዎች ዛሬ በደጃቸው ናቸው።