ከካሜራው ጀርባ የነበረው ሰው

ፊልም አይተን ስንወጣ ስለ ማን እናወራለን? ስለ ቆንጆዋ ተዋናይት፣ ስለ ጀግናው፣ ነገሩ ገባን ያልን እንደሆነ ደግሞ ስለ ዳይሬክተሩ። ያንን ሁሉ ያሳየን ካሜራማን ስሙ ሲያልፍ እኛ በሩ ላይ ደርሰናል። ዛሬ ከዚህ ዕዳችን ጥቂቱን እንክፈል። (ዓመቶቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ቡልጋሪያዊው ቨሎ ራዴቭ በ1923 ተወለደ። ሞስኮ በሚገኘው የመንግሥት የሲኒማ ተቋም የካሜራ ሙያ ተምሮ በ1953 ተመረቀ። በ1962 «ትምባሆ» የተባለውን ፊልም ቀረጸ። ፊልሙ ከዲሚታር ዲሞቭ ልብ ወለድ የተወሰደ ሲሆን፣ ዳይሬክተሩ ኒኮላ ኮራቦቭ ነበር። በ1963ም ካን ፌስቲቫል ላይ ለውድድር ቀረበ። የኢሪናን ገጸ ባሕርይ የተጫወተችው ወጣቷ ኔቬና ኮካኖቫ ናት።

ካሜራማን የተዋናይን ፊት ከተመልካች ሁሉ ቀድሞ የሚያይ ሰው ነው። ራዴቭ በ1964 ራሱ ዳይሬክተር ሆኖ «የኮክ ሌባ»ን ሲሠራ፣ ዋናዋን ሴት እንድትጫወት የመረጠው ያችኑ በሌንሱ ሲያያት የነበረችውን ኮካኖቫን መሆኑ አያስገርመንም። ካሜራውን ግን ለቶዶር ስቶያኖቭ አስረከበ።

ታሪኩ ከኤሚሊያን ስታኔቭ አጭር ልብ ወለድ የተወሰደ ነው። ጊዜው የአንደኛው የዓለም ጦርነት ማብቂያ፣ ቦታው የታርኖቮ ከተማ ነው። የረሃብ ዘመን ነው። አንድ ሰርቢያዊ የጦር ምርኮኛ ኮክ ሊሰርቅ ወደ አንድ ኮሎኔል የአትክልት ቦታ ሾልኮ ይገባል። እዚያም ከኮሎኔሉ ሚስት ከሊዛ ጋር ይገናኛል፤ ይዋደዳሉ። መጨረሻው ጥይት ነው።

ልብ በሉ! ሰርብና ቡልጋር በዚያ ጦርነት ደም የተቃቡ ጠላቶች ነበሩ። ራዴቭ ግን ምርኮኛውን እንዲጫወት ዩጎዝላቪያዊውን ራዴ ማርኮቪችን ጠርቶ፣ የቡልጋሪያ ተመልካች ለትናንት ጠላቱ እንዲያለቅስ አደረገ። የሶሻሊስቱ ሲኒማ ባለዓላማ ታጋይ በሚፈልግበት ዘመን፣ የተራበ ምርኮኛና ብቸኛ ሴት ይዞ መምጣት ቀላል ነገር አልነበረም። ፊልሙም በዚያው ዓመት ቬኒስ ፌስቲቫል ደረሰ።

በ1966 «ንጉሡና ጄኔራሉ»ን ሠራ። ጄኔራል ቭላዲሚር ዛይሞቭ ለሶቪየት ሰልሏል ተብሎ በ1942 የተረሸነ ሰው ነው። ንጉሥ ቦሪስ 3ኛን እንደ ጭራቅ ስሎ ማለፍ ለራዴቭ በቀለለው ነበር። እሱ ግን በናውም ሾፖቭ ፊት ላይ የሚፈራና የሚያመነታ ሰው አሳየን። በ1967 በወጣው «ረጅሟ ሌሊት» ደግሞ የባቡር ተሳፋሪዎች ያመለጠ ምርኮኛ ይደብቃሉ። እንደገና ምርኮኛ፣ እንደገና የሚያድን የሰው ዓይን!

ራዴቭ በ2001 አረፈ። እኛ ከታሪኩ የወሰድነው አንድ ነገር ነው፦ የሰውን ፊት ተጠግቶ ለማየት የታገሠ ዓይን በቀላሉ አይጠላም። እስቲ በሚቀጥለው ፊልም ስሞቹ አልፈው እስኪያልቁ አብረን እንቀመጥ።