የንጉሡ ምስልና የወሎ ረሃብ

በአገራችን የታሪክ አጻጻፍ ፊልም እንደ ማስረጃ ብዙም አይጠቀስም። ደብዳቤውንና የቃል ምስክሩን እንመረምራለን፤ ፊልሙን ግን ለመዝናኛ እንተወዋለን። የአፄ ኃይለ ሥላሴ አነሳስና አወዳደቅ ግን ያለ ፊልም ሊጻፍ የሚችል አይመስለኝም። በዚህ ታሪክ ውስጥ ደግሞ የእኛ ወሎ በመነሻውም በመድረሻውም ላይ አለች።

ንጉሠ ነገሥቱ የካሜራን ጉልበት ቀድመው ከተረዱ መሪዎች አንዱ ነበሩ። አልጋ ወራሽ ሳሉ በ1916 ዓ.ም. አውሮፓን ሲጎበኙ የዜና ፊልም ተነሥተዋል። ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ዘውድ ሲጭኑም የውጭ አገር ፊልም አንሺዎች አዲስ አበባ ነበሩ። ቴሌቪዥን ገና ባልተስፋፋበት በዚያ ዘመን የአውሮፓና የአሜሪካ ሕዝብ ኢትዮጵያን ያየው በየሲኒማ ቤቱ ከዋናው ፊልም በፊት በሚታይ አጭር የዜና ፊልም ነበር።

ጣሊያን ሲወረን ንጉሡ በኅዳር 1928 ዓ.ም. የጦር ሰፈራቸውን ደሴ ላይ አደረጉ። ጋዜጠኞችና ካሜራ አንሺዎችም ተከተሏቸው። ኅዳር 26 ቀን የጣሊያን አውሮፕላኖች ከተማይቱን ደበደቡ፤ የቀይ መስቀል ምልክት ያለበት የአሜሪካውያን ሆስፒታል እንኳ አልቀረለትም። ንጉሡ ከመትረየስ ኋላ ሆነው የታዩበት ምስል ዓለምን ዞረ። ሰኔ 23 ቀን በጄኔቫ የመንግሥታት ማኅበር ፊት በአማርኛ ሲናገሩም ካሜራው ነበር። አገራቸውን ከወረራ ባያድንም፣ በዓለም ሕዝብ ዘንድ ስማቸውን ተከለ።

ከ38 ዓመት በኋላ ሌላ ካሜራ ወሎ ገባ። የእንግሊዛዊው ጋዜጠኛ የጆናታን ዲምብልቢ ፊልም ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታየ። መንግሥት የሸሸገውን ረሃብ ዓለም አወቀው። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ደርግ ይህንኑ ፊልም ለኢትዮጵያውያን አሳየ፤ ነገር ግን እንዳለ አይደለም። በረሃብተኛው መካከል የቤተ መንግሥት ድግስና ንጉሡ ውሾቻቸውን ሲመግቡ የሚያሳዩ ምስሎች ተሰክተውበት ነበር። በማግሥቱ ንጉሡ ከዙፋን ወረዱ።

ረሃቡ እውነት ነበር፤ ድግሱም እውነት ነበር። ሁለቱን ጎን ለጎን የሰፋው መቀስ ግን የሥልጣን ፈላጊው መቀስ ነበር። ይህን ማለቴ ዘውዱን ነጻ ለማውጣት አይደለም፤ ሕዝቡ ሲያልቅ ዝም ማለቱ በምንም አይስተባበልም። ጥያቄዬ ሌላ ነው፤ ደርግ ያን ማታ ያለቀሰው ለወሎ ነበርን?

መልሱ 10 ዓመት ቆይቶ መጣ። በመስከረም 1977 ዓ.ም. ደርግ 10ኛ ዓመቱን በታላቅ ድግስ ሲያከብር ወሎና ትግራይ እንደገና በረሃብ ያልቁ ነበር። ጥቅምት 13 ቀን፣ በዚያን ጊዜ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር በነበረችው ኮረም የተነሣው የመሐመድ አሚን ፊልም ከማይክል በርክ ዘገባ ጋር በቢቢሲ ታየ። ከሳሹ በተራው በዚያው ምድር፣ በዚያው ዓይነት ማስረጃ ተከሰሰ።

እነሆ ከገራዶ ሆኜ ይህን ታሪክ ሳስብ የሚከነክነኝ አንድ ነገር አለ። የንጉሡን ስም ሁሉም ያውቃል፤ የካሜራ አንሺውም ስም ተመዝግቧል። በፊልሙ ውስጥ አፈር ላይ የተኛችው የወሎ እናት ግን ስም የላትም። በሁለቱም ዘመን የራሳችንን ረሃብ ከባዕድ ካሜራ ተቀብለን አየን፤ አንዱንም ባለሥልጣን ቆርጦ ቀጥሎ ሰጠን። ሕዝብ የራሱን መከራ ራሱ ቀርጾ፣ ራሱ ጠብቆ፣ ሳይቆረጥ ማየት እስካልቻለ ድረስ፣ ነገም መቀሱን የያዘ ሁሉ በስሙ ይፈርድበታል።