የሳቢት የአትክልት ስፍራ

ባልና ሚስት ተለያይተው የንብረታቸው ክርክር ከቀጠሮ ወደ ቀጠሮ ሲንከባለል ልጆች የሚያድጉበት ቤት ጥቂት አይደለም። እስቲ ወደ መዲና መለስ እንበል።

ኢማም ማሊክ በሙወጠእ እንደዘገቡት፣ ረሱል (ሰ.ዐ.ወ) ለሱብሒ ሶላት ሲወጡ ሐቢባ ቢንት ሰህል በጨለማው በራቸው ላይ ቆማ አገኟት። ከባሏ ከሳቢት ኢብን ቀይስ ጋር መኖር እንደማትችል ነገረቻቸው። (በሌሎች ዘገባዎች የሚስቲቱ ስም ይለያል።) ሳቢት ሲመጣም የሰጣት ሁሉ በእጇ እንዳለ ተናገረች። ረሱልም እንዲቀበላት አዘዙት፤ እርሷም ወደ ቤተሰቧ ሄደች። ቡኻሪ በዘገቡት መሠረት ንብረቱ የአትክልት ስፍራ ነበር። ይህን ያህል የፈጠነው ለምን ይመስላችኋል? የተሰጠው ምን እንደሆነ ያከራከረ ሰው በዘገባው ውስጥ የለም።

ማስረጃ የሚያስፈልግ ሲሆንስ? ኸሊፋ ዑመር (ረ.ዐ) ለአቡ ሙሳ አል-አሽዐሪ ጻፉት የሚባለው ደብዳቤ፣ ማስረጃዬ ሩቅ ነው የሚል ከሳሽ የተቆረጠ ጊዜ እንዲሰጠው፣ በጊዜው ካላቀረበ እንዲፈረድበት ያዛል። ቀጠሮ ያኔም ነበረ፤ ግን መጨረሻ ነበረው።

በአገራችን የፌዴራል ሸሪዓ ፍርድ ቤቶችን ያጠናከረው አዋጅ ቁጥር 188/1992 ጉዳዩ በቃዲ እንዲታይ የሁለቱንም ወገን ፈቃድ ጠይቋል፤ አንዱ እምቢ ካለ መዝገቡ ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ይተላለፋል። የመጀመሪያው ጊዜ እዚህ ላይ ሊባክን ይችላል። የኒካሁ ወረቀት የመህሩን ዓይነትና መጠን ካልያዘ ደግሞ ምስክር ፍለጋው ይጀመራል፤ ከምስክሮቹም ገሚሱ ሞቷል፣ ገሚሱ አገር ለቋል።