ጋምቢሎ፦ የቡና የቆላ ዘመድ

ጋምቢሎ (ጋርዴኒያ ተርኒፎሊያ) የቡና ዘመድ ነው ሲባል ተመልካች ቢጠራጠር አይፈረድበትም። ቡና በማጃንግ ደን ጥላ ሥር ይበቅላል፤ ይህ አገር በቀል ቁጥቋጦ ግን በየበጋው ሰደድ እሳት በሚያልፍበት የጋምቤላ ቆላ ረጅም ሣር መሃል ይገኛል። የቡና ፍሬ ሲበስል ቀይና ለስላሳ ነው፤ የጋምቢሎ ፍሬ ግራጫና እንደ እንጨት የጠነከረ ነው። ይሁንና መኖሪያና የፍሬ ልስላሴ በቅርብ ዘመዳሞች መካከል እንኳ ይለያያሉ፤ ዝምድናን ይበልጥ የሚመሰክረው የአበባውና የቅጠሉ አሠራር ነው።

አበባውን ቀረብ ብለው ይዩት። እንደ ቡና አበባ ነጭ ሆኖ ይፈካል፣ መዓዛውም ያውዳል፤ እያደረ ግን ወደ ቢጫ ስለሚለወጥ በአንድ ቅርንጫፍ ላይ ሁለቱም ቀለም ይታያል። የአበባው ቅጠሎች ከሥራቸው ተጋጥመው ቱቦ ይሠራሉ፤ ፍሬ የሚሆነው ክፍል ከቱቦው በታች ነው። በቅጠሎቹ መውጫ መካከል ደግሞ በቡና ቅርንጫፍ ላይ የምትታየው ዓይነት ትንሽ ሽፋን አለች። እርግጥ ነው፣ ከአንድ አንጓ ቡና 2፣ ጋምቢሎ አብዛኛውን ጊዜ 3 ቅጠል ያወጣል፤ የአበባ ቅጠሎቹም ከቡና ይበዛሉ። ነገር ግን በቁጥር መለያየት ሁለቱ በሚገኙበት ሰፊ የዕፅዋት ቤተሰብ ውስጥ የተለመደ ነው፤ ቱቦውና ሽፋኗ በሁለቱም ላይ አብረው መገኘታቸው ይበልጥ ይመዝናል።