የእርጎና የአቮካዶ ማጥቀሻ በቤት ውስጥ፦ ከወተቱ እስከ ገበታው

ባሕር ዳር፦ እርጎ ለኢትዮጵያዊ ቤተሰብ ከጥንት የቆየ ምግብ ነው። አቮካዶም በሲዳማ፣ በወላይታና በጅማ፣ በአማራ ክልልም በቆጋ መስኖ አካባቢ ለገበያ የሚመረት ፍሬ ሆኗል። ሁለቱን አዋሕዶ ከዳቦ፣ ከቂጣ ወይም ከአትክልት ጋር እያጠቀሱ የሚበላ ምግብ ማዘጋጀት ግን በብዙ ቤት ገና አልተለመደም። አሠራሩ ቀላል ነው፤ ውድ ዕቃም አይጠይቅም። ከሁሉ በላይ ጥንቃቄ የሚሻው ወተቱ ነው። ከጥሬ ወተት የረጋ እርጎ ከላም ወደ ሰው የሚተላለፉ በሽታዎችን ይዞ ገበታ ላይ ሊቀርብ ይችላልና። በመሆኑም ይህ ጽሑፍ ወተቱን ከማፍላት ጀምሮ እስከ አቀማመጡ ያለውን ሥራ በቅደም ተከተል ያስረዳል።

የማጥቀሻው ምንነት

ግሪኮች እርጎን በጨርቅ አጥልለው ውኃውን በማስወጣት ወፍራምና ለስላሳ አድርገው ይመገባሉ። ከዚሁ ከተጠለለ እርጎ፣ ከኪያር፣ ከነጭ ሽንኩርትና ከወይራ ዘይት «ዛትዚኪ» የተባለውን ማጥቀሻ ይሠራሉ። ተመሳሳይ የተጠለለ እርጎ በዐረብ አገራት «ላብነህ» ይባላል፤ በባሕረ ሰላጤው አገራት ሠርተው የተመለሱ ወገኖች በዚህ ስም ያውቁታል። እዚህ የሚቀርበው አሠራር የግሪኮቹን ማጥለል ተከትሎ አቮካዶን የሚጨምር ነው። ከእርጎው ፕሮቲንና ካልሲየም፣ ከአቮካዶው ደግሞ ለጤና ተስማሚ የሆነ ቅባትና አሰር ይገኛል። አቮካዶው ራሱ ቅባት ስላለው ቅቤም ሆነ ክሬም መጨመር አያስፈልግም።

ወተቱ ለምን ይፈላል?

በልማድ እርጎ የሚሠራው ጥሬ ወተትን በታጠነ ቅል ወይም ማሰሮ ውስጥ አስቀምጦ በራሱ እንዲረጋ በማድረግ ነው። ዕቃውን በግራዋ ማጠብና በወይራ ማጠን መልካም ጠረን ይሰጣል፤ የጀርሞችንም ብዛት ይቀንሳል። ሆኖም በወተቱ ውስጥ አስቀድመው የገቡትን ጀርሞች አያጠፋም።

በጥሬ ወተት አማካይነት ወደ ሰው ከሚተላለፉት መካከል ብሩሴሎሲስና የከብት ሳንባ ነቀርሳ ይገኙበታል። ብሩሴሎሲስ ላሞችን ያስወርዳል፤ በሰው ላይ ደግሞ እየተመላለሰ የሚመጣ ትኩሳት፣ ላብ፣ ድካምና የመገጣጠሚያ ሕመም ያስከትላል። ወተቱ ወደ እርጎነት ሲቀየር የሚፈጥረው ኮምጣጣነት እነዚህን ጀርሞች ለመግደል አስተማማኝ አይደለም። ሕፃናት፣ ነፍሰ ጡር እናቶችና አረጋውያን ደግሞ ይበልጥ ይጎዳሉ። ወተትን ማፍላት ግን ጀርሞቹን ይገድላቸዋል። ያስወረደች ላም ስትኖር ጉዳዩን ለእንስሳት ጤና ባለሙያ ማሳወቅ፣ የወረደውንም ፅንስና የእንግዴ ልጅ በባዶ እጅ አለመንካት ያስፈልጋል።

ማፍላት ሌላም ጥቅም አለው። በደንብ የሞቀ ወተት ሲረጋ ይበልጥ ይወፍራል፤ ውኃውም ቶሎ አይለይም።

እርጎውን ማርጋት

ለአንድ ቤተሰብ አንድ ሊትር ወተት ይበቃል። ወተቱ በንጹሕ ብረት ድስት ተጥዶ እያማሰሉ እስኪፈላ ይጠበቃል፤ ከፈላ በኋላም እሳቱን ቀንሶ ለጥቂት ደቂቃዎች ማቆየት ይገባል። ከዚያ ወርዶ ተከድኖ ይቀዘቅዛል። ጠብታው በእጅ አንጓ ላይ ሲያርፍ ሞቅ ብሎ የማያቃጥል ሲሆን እርሾ ለመጨመር ደርሷል። ቴርሞሜትር ያለው ከ40 እስከ 45 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ባለው ጊዜ ይጨምር። ወተቱ ከዚህ በላይ ከጋለ እርሾውን ይገድለዋል፤ እጅግ ከቀዘቀዘ ደግሞ ለመርጋት ብዙ ይዘገያል።

የፈላ ወተት በራሱ የሚያረጉት ተሕዋስያን ስለሞቱበት እርሾ የግድ ያስፈልገዋል። ሁለት ወይም ሦስት የሾርባ ማንኪያ እርጎ ለአንድ ሊትር ወተት በቂ ነው። ብዙ ሰው የሚስተው እዚህ ላይ ነው። እርሾው ከጥሬ ወተት ከረጋ እርጎ ከተወሰደ በማፍላት የተወገዱት ጀርሞች ተመልሰው ይገባሉ፤ የማፍላቱም ድካም ከንቱ ይሆናል። ስለዚህ የመጀመሪያው እርሾ ስኳርና ማጣፈጫ ከሌለው፣ ከታሸገና ወተቱ በሙቀት ከታከመ እርጎ ይወሰድ። ከዚያ በኋላ ከራስ እርጎ ላይ በየጊዜው ጥቂት እያስቀሩ መቀጠል ይቻላል።

እርሾው ከተቀላቀለ በኋላ ዕቃው ተከድኖ በብርድ ልብስ ይጠቀለላል። በቆላማ ቦታ ከስድስት እስከ ስምንት ሰዓት ይበቃዋል፤ በደጋ ሌሊቱን ማሳደር ይሻላል። በዚህ ጊዜ መነቅነቅ የለበትም።

እርጎው አልረጋ ካለ ምክንያቱ ከእርሾው ማርጀት ወይም ከወተቱ መቀዝቀዝ ሊሆን ይችላል። ላሟ በቅርቡ አንቲባዮቲክ ከተሰጣትም መድኃኒቱ ወደ ወተቱ ስለሚገባ እርሾውን ይገድላል። የእንደዚህ ዓይነት ላም ወተት የእንስሳት ሐኪሙ የነገረው ቀን እስኪያልፍ ድረስ ለምግብም ለሽያጭም አይውልም።

እርጎውን ማጥለል

ንጹሕ ነጭ የጥጥ ጨርቅ በፈላ ውኃ ተቀቅሎ ይጨመቃል። ጨርቁ በወንፊት ላይ ተዘርግቶ እርጎው ይገለበጥበታል። አራቱ ጫፎች ተሰብስበው ይታሰሩና ከሥር ጎድጓዳ ዕቃ ተደርጎ ይንጠለጠላል። ከአራት እስከ ስምንት ሰዓት ሲቆይ ውኃው ይወጣና ግማሽ ያህሉ ወይም ከዚያ ጥቂት የሚያንሰው ወፍራም ሆኖ ይቀራል። አካባቢው ሞቃታማ ከሆነ በማቀዝቀዣ ውስጥ ቢጠለል ይመረጣል፤ ማቀዝቀዣ ከሌለ ሥራውን በሌሊት ማከናወን ይሻላል።

የወጣው ውኃ አይደፋም። ለዳቦ ሊጥ ማቡኪያ ወይም ለሾርባ ይውላል።

አቮካዶውን መምረጥ

አቮካዶ በዛፉ ላይ አይበስልም፤ ከተቆረጠ በኋላ ነው የሚለሰልሰው። በመሆኑም አርሶ አደሩ ፍሬው ለመቆረጥ መድረሱን በቅድሚያ ማረጋገጥ አለበት። ቀላሉ ዘዴ ጥቂት ፍሬዎችን ለናሙና ቆርጦ ቤት ውስጥ ለሳምንት ያህል ማቆየት ነው። ሳይጨማደዱ እኩል ከለሰለሱ የቀሩት ደርሰዋል ማለት ነው። ከተጨማደዱና እንደ ጎማ ከሆኑ ጊዜው ገና ነው። ፍሬው ከነአጭር እንጨቱ በመቀስ ይቆረጣል እንጂ አይረግፍም፤ ወድቆ የተጎዳ ፍሬ ከውስጥ ይጠቁራል።

ገዥው ደግሞ ዝርያውን ይለይ። ሀስ የሚባለው ሲበስል ቆዳው ወደ ጥቁር ይለወጣል። ፉርቴና ኤቲንገር ግን በስለውም አረንጓዴ ስለሆኑ በቀለም አይታወቁም፤ አንገቱ አካባቢ ቀስ ብሎ ሲጫኑት የሚለዝበው ደርሷል። ቶሎ እንዲለሰልስ የሚፈለግ ፍሬ ከበሰለ ሙዝ ጋር በወረቀት ቢጠቀለል ሙዙ የሚያወጣው ጋዝ ያፋጥነዋል።

መቀላቀል

የሚያስፈልጉት ነገሮች፦
- ከአንድ ሊትር ወተት የተገኘ የተጠለለ እርጎ
- ሁለት መካከለኛ የበሰሉ አቮካዶዎች
- የአንድ ሎሚ ጭማቂ
- አንድ ፍንካች ነጭ ሽንኩርት
- ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው
- እንደ ፍላጎት አንድ ፍሬው የወጣ ቃሪያ፣ ጥቂት የድንብላል ቅጠል ወይም በሶብላ

ቅጠላ ቅጠሉና ቃሪያው በንጹሕ ውኃ በሚገባ ይታጠባሉ። አቮካዶውም ከመቆረጡ በፊት ይታጠብ፤ በቆዳው ላይ ያለው ቆሻሻ በቢላዋው ወደ ውስጥ ይገባልና። ሥጋው በማንኪያ ወጥቶ የሎሚ ጭማቂ ወዲያው ይፈስበታል። ከዚያ በሹካ ይደቆሳል። ነጭ ሽንኩርቱ ከጨው ጋር ተወቅጦ ይጨመርበታል። በመጨረሻ እርጎው በሁለት ወይም በሦስት ጊዜ እየተጨመረ በእጅ ይማሰላል። መፍጫ መጠቀም የሚፈልግ አቮካዶውን ብቻ ይፍጭ፤ እርጎው በመፍጫ ብዙ ከተመታ ይቀጥናል። የግሪኮቹን ጣዕም የሚሻ ኪያር ፈቅፍቆ፣ ጨው ነስንሶና ውኃውን ጨምቆ ሊጨምር ይችላል።

ማቅረብና ማስቀመጥ

ማጥቀሻው ከዳቦ፣ ከቂጣ፣ ከተቀቀለ ድንች፣ ከካሮትና ከተጠበሰ ሥጋ ጋር ይስማማል። ለሕፃናት ሲቀርብ ቃሪያው ይቀራል፤ ጨውም ይቀነሳል።

አቮካዶ አየር ሲነካው ይጠቁራል። የሎሚው ኮምጣጣነት ይህን ያዘገየዋል እንጂ ፈጽሞ አያስቀረውም። ፍሬውን በማጥቀሻው መካከል ማስቀመጥ እንዳይጠቁር ያደርጋል የሚባለውም የሚሠራው ፍሬው ለሸፈናት ቦታ ብቻ ነው። የተሻለው ገጹን አስተካክሎ ንጹሕ ላስቲክ በላዩ አስነክቶ መሸፈን ነው። በማቀዝቀዣ እስከ ሁለት ቀን ይቆያል። ማቀዝቀዣ በሌለበት ቤት በአንድ ገበታ የሚያልቀውን ያህል ብቻ ማዘጋጀት ይገባል። ላዩ ብቻ የጠቆረ ተገፍፎ ይበላል፤ የሻገተ፣ አረፋ ያወጣ ወይም ጠረኑ የተለወጠ ግን ይጣላል። አቮካዶ ያልገባበት የተጠለለ እርጎ በማቀዝቀዣ ለሳምንት ያህል ስለሚቆይ ሁለቱን በየዕለቱ እንደ ፍጆታው መቀላቀል ብክነትን ይቀንሳል።

በጾም ወቅት

በዐቢይ ጾም 55 ቀናትና በሌሎች አጽዋማት የወተት ፈላጊ ይቀንሳል፤ ላሟ ግን መታለቧን አታቆምም። በዚህ ጊዜ ወተቱን አፍልቶ፣ አርግቶና አጥልሎ ማስቀመጥ ለማይጾሙ ሕፃናትና ሕሙማን ምግብ ይሆናል። ለጿሚው ደግሞ በእርጎው ፋንታ ተቆልቶ የላመ ሰሊጥ በጥቂት ውኃ ተበጥብጦ ከአቮካዶው፣ ከሎሚውና ከነጭ ሽንኩርቱ ጋር ቢዋሐድ ወፍራም የጾም ማጥቀሻ ይወጣዋል።

ተረፈ ምርቱ ለእንስሳት አይሰጥም

የአቮካዶ ቅጠል፣ ልጣጭና ፍሬ ፐርሲን የተባለ ንጥረ ነገር አላቸው። ይህም በሚታለቡ ላሞችና ፍየሎች ላይ ጡት ያሳብጣል፣ ወተት ይቀንሳል፤ ፈረስን፣ ጥንቸልንና ወፎችንም ይጎዳል። ከማጥቀሻው ዝግጅት የተረፈው ልጣጭና ፍሬ ከመኖ ጋር ሳይደባለቅ ከብትና ዶሮ በማይደርሱበት ጉድጓድ ውስጥ ለኮምፖስት ይዋል። ዛፉ ሲገረዝ የሚወድቀውም ቅጠልና ቅርንጫፍ ላሞች ከሚውሉበት ቦታ መነሣት አለበት።